አሳዳጊ የበደለው ፍጡርና ደራሲዋ ሜሪ ሼሊ

ስም ከመቃብር በላይ ይውላል የሚለውን አባባል የማያውቅ አንባቢ የለም። ነገር ግን የገዛ ስሟን መጻፍ ከመቃብር ድንጋይ ላይ ተማረች የምትባል፣ ከሞተችም በኋላ ስሟ በእውነት ከመቃብር በላይ የዋለ አንዲት ሴት ነበረች። ይህችም «ፍራንከንስታይን» የተባለውን ልብ ወለድ ታሪክ የደረሰችው እንግሊዛዊት ሜሪ ሼሊ ናት። የመጽሐፏን ስም በሲኒማም ሆነ በወሬ ያልሰማ ተማሪ ጥቂት ነው፤ የደራሲዋን ሕይወት የሚያውቅ ግን ከዚያ ይልቅ ያነሰ ስለ ሆነ፣ በዛሬው እሑድ ታሪኳን ባጭሩ ለማቅረብ እንሞክራለን። ወደ መጨረሻው ከምንጠቅሳቸው ሁለት ቀኖች በቀር ዓመታቱ ሁሉ የተጻፉት በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው።

የአሶሳን ክረምት ያየ ሰው የዚህችን ሴት ታሪክ ለመረዳት አይቸገርም። ዝናሙ ሲወርድ፣ ቆርቆሮው ሲያስተጋባ፣ ቀርከሃው በነፋስ እርስ በርሱ ሲፋጭ፣ ሰው ሁሉ ከሥራው ተመልሶ በየቤቱ ይሰበሰባል። በርታውም፣ ጉሙዙም፣ ሺናሻውም፣ ማኦውም፣ ኮሞውም፣ ከሌላ አውራጃ መጥቶ የሰፈረውም በየቋንቋው ለልጆቹ ተረት ያወራል። በእንዲህ ያለው ምሽት ልጆችን ከሁሉ ይልቅ የሚያስጨንቃቸው፣ ደግሞም ከሁሉ ይልቅ ድገሙልን የሚያሰኛቸው አስፈሪው ተረት ነው። በአማርኛ ተረት ያደገ ሁሉ ጭራቅን ያውቀዋል። ይህን ተረት የሚያወሩትም አብዛኛውን ጊዜ እናቶችና ሴት አያቶች ናቸው።

የተማረው ወጣት ግን ዩኒቨርሲቲ ከገባ በኋላ የጭራቅ ተረት የአሮጊትና የሕፃን ጨዋታ ነው ብሎ ይንቀዋል። የዚህ ጽሑፍ አዘጋጅም በተማሪነቱ ጊዜ ከነዚሁ ወገን ነበር። የሜሪ ሼሊን ሕይወት ካነበበ በኋላ ግን አሳቡን ለመለወጥ ተገደደ። ምክንያቱም ይህች ሴት በአንድ ዝናማማ ሰሞን በጀመረችው የማስፈራሪያ ተረት ውስጥ አንድ ትልቅ ጥያቄ አስቀምጣለች። ጥያቄውም፣ አንድን ነገር ወደ ዓለም ያመጣ ሰው ለዚያ ነገር ያለበት ግዴታ እስከ ምን ድረስ ነው የሚል ነው።

የእናቷ መቃብር

ሜሪ በኦገስት 30 ቀን 1797 በሎንዶን ከተማ ሰመርስ ታውን በተባለው ሰፈር ተወለደች። አባቷ ዊልያም ጎድዊን ስለ መንግሥትና ስለ ፍትሕ በጻፈው መጽሐፍ የታወቀ ፈላስፋ ነበር። እናቷ ሜሪ ዎልስቶንክራፍት ደግሞ በ1792 ስለ ሴቶች መብት የሚከራከር መጽሐፍ አሳትማ፣ ሴት ልጅ የማሰብ ችሎታዋ ከወንድ የማያንስ መሆኑንና የሚጎድላት ትምህርት ብቻ መሆኑን ስላስረዳች፣ አንዳንዱ ሲያደንቃት ሌላው ይዘልፋት ነበር።

ይሁን እንጂ እናትና ልጅ ለመተዋወቅ አልታደሉም። እንግዴ ልጁ በጊዜው ባለመውጣቱ የተጠራው ሐኪም በእጁ እየቆራረጠ ለማውጣት ሞከረ። በዚያ ዘመን በዐይን የማይታዩ ተሕዋስያን በሽታ እንደሚያመጡ ገና አልታወቀም ነበርና፣ እናቲቱ በአራስ ትኩሳት ተይዛ በ11ኛው ቀን ሞተች። ዛሬም ቢሆን ከሐኪም ቤት ርቃ የምትወልድ እናት የሚያሰጋት ሞት ስለ ሆነ፣ የእኛ አንባቢ ይህን ለመረዳት ብዙ ማብራሪያ አያሻውም።

ባሏ ጎድዊን በሚቀጥለው ዓመት የሚስቱን ታሪክ ጽፎ አሳተመ። እርሱ ያሰበው ሊያስከብራት ነበር። ነገር ግን ከጋብቻ ውጭ ልጅ መውለዷንና በኀዘን ምክንያት ራሷን ለማጥፋት መሞከሯን ሳይቀር ሳይሸሽግ ስለ ጻፈ፣ ብዙ ሰው ስሟን እያነሣ ይነቅፍ ጀመር። ትንሿ ሜሪም የእናቷን ሥዕል በአባቷ የመጻሕፍት ክፍል ግድግዳ ላይ እያየች፣ ስሟ ግን በውጭ ሲነቀፍ እየሰማች አደገች። እናቷ የተቀበረችው በሴንት ፓንክራስ ቤተ ክርስቲያን አጸድ ውስጥ ሲሆን፣ ሕፃኒቱ በድንጋዩ ላይ የተቀረጸውን ፊደል በጣቷ እየተከተለች መጻፍ እንደ ተማረች ይነገራል። የእናትና የልጅ ስም አንድ ስለ ነበረ፣ በመቃብሩ ላይ ያነበበችው ስም የራሷም ስም ነበር።

በ1801 አባቷ ሁለተኛ ሚስት አገባ። ከእንጀራ እናቷ ጋር ሜሪ አልተስማማችም። በዚያ ቤት ያደጉት ልጆች አምስት ሲሆኑ፣ ከአምስቱ መካከል በአባትም በእናትም አንድ የሆኑ ሁለት ልጆች አልነበሩም። ሜሪ በትምህርት ቤት የቆየችው ለጥቂት ጊዜ ብቻ ነው። እውነተኛው ትምህርት ቤቷ የአባቷ መጻሕፍትና ወደ ቤቱ የሚመጡት እንግዶች ነበሩ። ከእንግዶቹም አንዱ ባለቅኔው ሳሙኤል ኮልሪጅ ነው። እርሱ አንድ ምሽት ስለ ረገሙት መርከበኛ የደረሰውን ረጅም ግጥም ሲያነብ፣ ሜሪ ለመተኛት ተልካ ሳለች ከወንበር በስተኋላ ተደብቃ እንዳዳመጠችው ይነገራል። የፍርሃት ተረት በልቧ የተተከለው እንግዲህ ከሕፃንነቷ ጀምሮ ነው።

ከቤት የወጣችበት ቀን

ሜሪ በስኮትላንድ ዳንዲ ከተባለችው ከተማ አጠገብ ከአባቷ ወዳጆች ዘንድ ተቀምጣ ከቆየች በኋላ በ1814 ወደ ሎንዶን ተመለሰች። በዚያን ጊዜ ወደ አባቷ ቤት ይመላለስ የነበረው ወጣቱ ባለቅኔ ፐርሲ ሼሊ ወደዳት። የሚቀጣጠሩትም በእናቷ መቃብር አጠገብ ነበር። በጁላይ 28 ቀን 1814 ሁለቱ ተያይዘው ወደ ፈረንሳይ ሄዱ። እርሷ 16 ዓመቷ፣ እርሱ 21 ዓመቱ ነበር።

ይህ አድራጎት የሚያስመሰግን አልነበረም። ፐርሲ ሃሪየት የተባለች ሚስትና አንዲት ልጅ ነበሩት፤ ሃሪየት በዚያን ጊዜ ነፍሰ ጡርም ነበረች። ጋብቻ የሰውን ነጻነት ይገድባል እያለ በመጽሐፉ ያስተምር የነበረው ጎድዊን፣ የገዛ ልጁ ቃሉን በሥራ ስትፈጽመው ተቆጥቶ ደጁን ዘጋባት። የሚያስገርመው ግን፣ ልጁን አላይም እያለ ከፐርሲ ገንዘብ መጠየቁን አለማቋረጡ ነው።

በፌብሩዋሪ 1815 ሜሪ ያለ ወራቷ ሴት ልጅ ወለደች። ሕፃኒቱ ሁለት ሳምንት ሳይሞላት፣ ስምም ሳይወጣላት ሞተች። ሜሪ በማስታወሻ ደብተሯ እንደ ጻፈችው፣ ከጥቂት ቀኖች በኋላ በሕልሟ ሕፃኒቱ ከእሳት አጠገብ ስትታሽ ሙቀት አግኝታ ነፍስ ስትዘራ አየች፤ ስትነቃ ግን ልጅ የለችም። የሞተ ሥጋ ነፍስ ሲዘራ የማየት አሳብ ወደ ሜሪ የመጣው መጀመሪያ ከሳይንስ መጽሐፍ አይደለም፤ ከእናት ኀዘን ነው። መጽሐፏን የሚያነብ ሰው ይህን ነገር ሊያስታውስ ይገባዋል።

ስለ ጎቲክ ድርሰት ጥቂት ቃል

ወደ ታላቁ ሥራዋ ከመግባታችን በፊት፣ ከየትኛው የድርሰት ዓይነት ወገን እንደ ሆነች መናገር ያሻል። ጎቲክ የሚለው ስም መጀመሪያ የተሰጠው በመካከለኛው ዘመን ለተሠሩት ሹል ቅስት ላላቸው አብያተ ክርስቲያናትና ሕንፃዎች ነው። በ1764 ሆራስ ዋልፖል የተባለ እንግሊዛዊ መኰንን በአንድ አሮጌ ግንብ ውስጥ ስለሚደረግ አስፈሪ ነገር ልብ ወለድ ከጻፈ ወዲህ፣ ስለ ጨለማ ግንብ፣ ስለ ተደበቀ ወንጀልና ስለ ሙት መንፈስ የሚተርከው ድርሰት ሁሉ ጎቲክ ተባለ። በጎንደር ግንቦች መካከል ሲመሽ ብቻውን የተራመደ ሰው ይህን ስሜት ሳይነገረው ያውቀዋል።

ይህን የድርሰት ዓይነት ያሳደጉት ግን በብዛት ሴቶች ናቸው። ክላራ ሪቭ የዋልፖልን ፈለግ ተከትላ ጻፈች። ከርሷ በኋላ የተነሣችው አን ራድክሊፍ በ1794 ባሳተመችው የዩዶልፎ ግንብ ታሪክ ስሟ በአገሩ ሁሉ ታወቀ፤ ለመጽሐፉም 500 ፓውንድ ተከፈላት፤ ይህም በዚያ ዘመን ለልብ ወለድ ያልተለመደ ዋጋ ነበር። የራድክሊፍ ታሪክ ባጭሩ ሲነገር፣ አንዲት ወላጆቿን ያጣች ልጃገረድ ሀብቷን በሚመኝ ሰው እጅ ወድቃ በግንብ ውስጥ መታገቷ ነው። ይህ ነገር ፈጠራ ብቻ አልነበረም። በዚያ ዘመን በእንግሊዝ ሕግ ያገባች ሴት የገዛ ንብረቷን ልታዝዝ አትችልም ነበር። የጎቲኩ ግንብ እንግዲህ በጥቂቱ ያጋነነው የብዙ ሴቶችን ቤት ነው። ሴቶቹ በግልጽ ቢጽፉት የሚነቀፉበትን ጉዳይ በጭራቅና በጨለማ ሸፍነው ጻፉት ማለት ነው።

ዝናማማው የ1816 በጋ

በኤፕሪል 1815 በዛሬዪቱ ኢንዶኔዢያ ታምቦራ የተባለው እሳተ ገሞራ ፈነዳ። ወደ ሰማይ የወጣው አመድና የድኝ ጢስ የፀሐይን ብርሃን ስለ ጋረደ፣ በሚቀጥለው ዓመት በአውሮፓ በጋው ሳይሞቅ ቀረ፤ ሰብል ጠፋ፤ በብዙ አገርም ረኀብ ሆነ። 1816 በጋ ያልነበረው ዓመት ተብሎ ሲጠራ ይኖራል።

በዚያ በጋ ሜሪና ፐርሲ፣ በጃንዋሪ የተወለደውን ልጃቸውን ዊልያምን ይዘው፣ ከእንጀራ እናቷ ልጅ ከክሌር ጋር በስዊስ አገር በጄኔቭ ሐይቅ ዳር ተቀመጡ። በአጠገባቸው ዲዮዳቲ በተባለው ቤት ዝነኛው ባለቅኔ ሎርድ ባይሮንና ሐኪሙ ፖሊዶሪ ነበሩ። ዝናሙ ከቤት ስላላስወጣቸው፣ ከጀርመንኛ ወደ ፈረንሳይኛ የተመለሰ የሙታን መንፈስ ተረት እያነበቡ ያመሹ ነበር። አንድ ምሽት ባይሮን የኮልሪጅን አንድ አስፈሪ ግጥም በቃሉ ሲያሰማ፣ ፐርሲ ሼሊ ደንግጦ እየጮኸ ከክፍሉ ወጣ።

ይህ ግጥም በዚያው ዓመት ሲታተም ከርሱ ጋር በአንድ መጽሐፍ የወጣው ሌላው የኮልሪጅ ግጥም ስለ አንዲት የአቢሲኒያ ልጃገረድ የሚናገር ነው። ኮልሪጅ አገራችንን አላያትም፤ ነገር ግን በ1770 እስከ ግሽ ዓባይ የደረሰው ጄምስ ብሩስ የጻፈውን የጉዞ መጽሐፍ አንብቦ ነበር። ዛሬ በቤኒሻንጉል ጉሙዝ ሸለቆዎች አልፎ ወደ ሱዳን የሚወርደው ውሃ ዝናው በዚያ ዘመን በነዚያ ባለቅኔዎች ዘንድ ደርሶ ነበር ማለት ነው።

ባይሮንም ሁሉም አንዳንድ አስፈሪ ታሪክ እንዲጽፍ አሳብ አቀረበ። ሁለቱ ስመ ጥር ባለቅኔዎች ጀምረው ተዉት። ፖሊዶሪ በኋላ በ1819 የታተመውን ደም የሚመጥ መኰንን ታሪክ አገኘ። የ18 ዓመቷ ሜሪ ግን ስንት ቀን ሙሉ አሳብ አጥታ ተጨነቀች፤ ጧት ጧት ታሪክ አገኘሽ ወይ ተብላ ስትጠየቅ የለም ማለት አሳፈራት።

ከዚህ በኋላ አንድ ምሽት ባይሮንና ፐርሲ ስለ ሕይወት ምንጭ ሲነጋገሩ እርሷ ዝም ብላ አዳመጠች። ኢጣልያዊው ጋልቫኒ የሞተ እንቁራሪት እግር በኤሌክትሪክ ኀይል ሲንፈራገጥ አሳይቶ ነበር። የእኅቱ ልጅ አልዲኒም በ1803 በሎንዶን የአንድ የተሰቀለ ወንጀለኛ ሬሳ ላይ ኤሌክትሪክ ቢያገናኝ፣ የሬሳው መንጋጋ ተንቀሳቀሰ፤ አንድ ዐይኑም ተገለጠ። ሜሪ በዚያች ሌሊት ተኝታ እንቅልፍ እምቢ ሲላት፣ አንድ ተማሪ በሠራው ፍጡር ፊት ተንበርክኮ፣ ፍጡሩም ነፍስ ሲዘራ፣ ሠሪውም በድንጋጤ ሲሸሽ በአሳቧ ታያት። በማግስቱ ታሪክ ማግኘቷን ለጓደኞቿ ነገረች።

ስም የሌለው ፍጡር

የመጽሐፉ ታሪክ እንዲህ ነው። ቪክቶር ፍራንከንስታይን የተባለ የጄኔቭ ተወላጅ በጀርመን አገር በኢንጎልሽታት ዩኒቨርሲቲ ሳይንስ ይማራል። ከሬሳ ክፍሎች አንድ ግዙፍ ሰው ገጣጥሞ ሕይወት ይሰጠዋል። ፍጡሩ ዐይኑን በገለጠ ጊዜ ግን መልኩ ስላስፈራው ጥሎት ይሸሻል። ስም እንኳ አላወጣለትም። ፍጡሩ ብቻውን በዱር ተንከራትቶ፣ ከአንድ ደኻ ቤተ ሰብ ጎጆ አጠገብ ተሸሽጎ ቋንቋና ንባብ ይማራል፤ በሌሊት እንጨት እየለቀመ ይረዳቸዋል። በመጨረሻ ራሱን ሲገልጥላቸው ግን ደብድበው ያባርሩታል። ከዚህ በኋላ ነው ክፋት የጀመረው። ከፈጣሪው ዘንድ ቀርቦ አንዲት ጓደኛ እንዲሠራለት ይለምናል። ቪክቶር ጀምሮ ያፈርስበታል። ፍጡሩም የቪክቶርን ወንድም፣ ወዳጁንና ሙሽራዪቱን ይገድላል። ሁለቱ በሰሜን ዋልታ በረዶ ላይ ሲሳደዱ ታሪኩ ያበቃል።

በአማርኛ ባለጌን ሰው አሳዳጊ የበደለው እንለዋለን። ይህ ስድብ በውስጡ ትልቅ ፍርድ አለው፤ ጥፋቱን ከተሰደበው ሰው ላይ አንሥቶ በአሳዳጊው ላይ ይጥለዋልና። የሜሪ ሼሊን መጽሐፍ በሁለት ቃል ግለጽ ቢባል ከዚህ የተሻለ ቃል አይገኝም። ፍጡሩ ሲፈጠር ክፉ አልነበረም፤ አሳዳጊ የበደለው ነው። ብዙ ሰው ቪክቶር የተቀጣው የእግዚአብሔርን ሥራ ስለ ተዳፈረ ነው ይላል። መጽሐፉን በጥንቃቄ ያነበበ ግን፣ ከመድፈሩ ይልቅ መሸሹ እንደሚከፋ ያያል። ይህን የጻፈችው እናቷን ሳታውቅ ያደገች፣ አባቷ ደጁን የዘጋባት፣ ልጇንም ስም ሳታወጣ የቀበረች ወጣት መሆኗን ስናስብ፣ ፍጡሩ የሚያለቅሰው በማን ድምፅ እንደ ሆነ ይገባናል።

መጽሐፉ በሚጻፍበት ጊዜም ሞት ከቤቷ አልራቀም። በኦክቶበር 1816 በእናቷ በኩል እኅቷ የሆነችው ፋኒ፣ በዲሴምበር ደግሞ የፐርሲ ሚስት ሃሪየት በገዛ እጃቸው ሞቱ። ሜሪና ፐርሲ በዲሴምበር 30 ቀን ተጋቡ፤ ጎድዊንም ያን ጊዜ ልጁን ታረቀ። ሜሪ የሃሪየት ሞት ዕዳ እንዳለባት አድርጋ እስከ መጨረሻዋ ታስበው ነበር።

ሁለት አሳታሚዎች አልፈልግም ካሉ በኋላ፣ «ፍራንከንስታይን» በጃንዋሪ 1 ቀን 1818 በ3 ጥራዝ ታተመ። የታተመውም 500 ቅጂ ብቻ ነው። በሽፋኑ ላይ የደራሲ ስም አልነበረም፤ መቅድሙን ፐርሲ ስለ ጻፈው ብዙዎች መጽሐፉን የርሱ አደረጉት። ታላቁ ደራሲ ዋልተር ስኮት እንኳ አድናቆቱን ሲጽፍ ደራሲው ፐርሲ እንደ ሆነ ገምቶ ነበር። አንድ መጽሔት ደግሞ ጸሐፊዋ ሴት መሆኗን ሰምቶ፣ ይህ ጥፋቱን ያከብደዋል ሲል ፈረደ። ፍጡሩ ስም እንዳልነበረው ሁሉ መጽሐፉም ያለ እናት ስም ወደ ዓለም ወጣ።

ኀዘን በኢጣልያ

በ1818 ሼሊዎቹ ወደ ኢጣልያ ሄዱ። በሴፕቴምበር ትንሿ ልጃቸው ክላራ በቬኒስ ሞተች። በጁን 1819 ዊልያም በሮማ በትኩሳት ሞተ፤ ሦስት ዓመቱ ነበር። ሜሪ በመጽሐፏ ውስጥ ፍጡሩ መጀመሪያ የሚገድለውን ሕፃን ዊልያም ብላው ነበር። የገዛ ልጇን ስም ለዚያ ሕፃን ስትሰጥ ምን አስባ እንደ ሆነ መገመት ያስቸግራል፤ ልጇ በሞተ ጊዜ ግን ያን ገጽ እንዴት አድርጋ አስታውሳው ይሆን? በዚያው ዓመት በኖቬምበር በፍሎረንስ የተወለደው ፐርሲ ፍሎረንስ ብቻ ከልጆቿ ሁሉ ተርፎ አደገ።

በጁን 1822 ሜሪ አስወርዷት ደም ፈሷት ልትሞት ሆነ። ፐርሲ በበረዶ በተሞላ ገንዳ ውስጥ አስቀምጦ አዳናት። ከዚያ በኋላ አንድ ወር እንኳ አልቆየም፤ በጁላይ 8 ቀን በጀልባ ሲመለስ ማዕበል ተነሥቶ ሰጠመ። ዕድሜው 29 ዓመት ነበር። ሜሪ በ24 ዓመቷ መበለት ሆና፣ የሁለት ዓመት ልጅ ይዛ በባዕድ አገር ቀረች።

ብዕርና እንጀራ

በ1823 ወደ እንግሊዝ አገር ስትመለስ መጽሐፏ ሳታውቀው በቴአትር እየታየ ነበር። በቴአትሩ ማስታወቂያ ላይ በፍጡሩ ስም ቦታ ሰረዝ ብቻ መደረጉን አይታ ደስ አላት፤ ስም የሌለውን በስም አለመጥራት መልካም ነው አለች። በዚያው ዓመት መጽሐፉ ለሁለተኛ ጊዜ ሲታተም ስሟ በሽፋኑ ላይ ወጣ።

አማቷ ሰር ቲሞቲ ሼሊ ሀብታም ባላባት ቢሆንም ሜሪን ሊያያት አልወደደም። ለልጁ ማሳደጊያ ትንሽ ድርጎ ሲቈርጥላት፣ እርሱ በሕይወት ሳለ የፐርሲን ታሪክ እንዳትጽፍ አስጠነቀቃት። ስለዚህ ሜሪ እንጀራዋን በብዕሯ አበሰለች። በ1826 ባሳተመችው «የመጨረሻው ሰው» በተባለው መጽሐፍ፣ ወረርሽኝ የሰውን ዘር ሁሉ ሲያጠፋ አንድ ሰው ብቻውን ይቀራል። መጽሐፉ በዘመኑ ተነቅፎ ተረስቶ ሳለ፣ በ2020 የኮሮና ወረርሽኝ ዓለምን ባስጨነቀ ጊዜ እንደ ገና አንባቢ አገኘ። ሌሎች ልብ ወለዶችንም ጻፈች፤ ለአንድ የመጻሕፍት ተርታ የኢጣልያን፣ የስፓኝንና የፈረንሳይን ደራስያን ታሪክ አዘጋጀች። በ1819 የጻፈችውን «ማቲልዳ» የተባለውን አጭር መጽሐፍ ግን አባቷ ጉዳዩ አሳፋሪ ነው ብሎ ስላስቀረው፣ ለሕትመት የበቃው በ1959 ነው።

በ1839 የባሏን ግጥሞች ሰብስባ እንድታሳትም ሰር ቲሞቲ ሲፈቅድ፣ የሕይወት ታሪኩን እንዳትጨምር አሁንም ከለከላት። ሜሪ ግን በየግጥሙ ግርጌ ማብራሪያ እያስመሰለች የፐርሲን ሕይወት ሙሉውን ጻፈችው። ትእዛዙን አልጣሰችም፤ ዝምም አላለችም። ፐርሲ ሼሊ ዛሬ ከታላላቆቹ ባለቅኔዎች ጋር ለመቈጠሩ ዋናው ምክንያት ይህ የሚስቱ ድካም ነው።

ሰር ቲሞቲ በ1844 ሲሞት ልጇ ወረሰ፤ ችግሯም ቀለለ። ጤናዋ ግን ተሰብሮ ነበር። በፌብሩዋሪ 1 ቀን 1851 በ53 ዓመቷ በሎንዶን ሞተች። ከእናቷ አጠገብ ለመቀበር ትመኝ ስለ ነበረ፣ ልጇና ምራቷ የወላጆቿን ዐፅም ከሴንት ፓንክራስ አስወጥተው በቦርንማውዝ ከርሷ ጋር አሳረፉ። እናትና ልጅ በአሥራ አንድ ቀን ተለያይተው ከ53 ዓመት በኋላ በመቃብር ተገናኙ።

ከርሷ በኋላ የጻፉት

ሜሪ ከመሞቷ ጥቂት ዓመት ቀደም ብሎ፣ በ1847፣ ሻርሎት ብሮንቴና እኅቷ ኤሚሊ ሁለት ታላላቅ መጻሕፍት አሳተሙ። በሻርሎት መጽሐፍ ውስጥ በሰገነት ላይ የተዘጋባት ሚስት ሌሊት ትጮኻለች፤ በኤሚሊ መጽሐፍ የሞተች ሴት በመስኮት እጇን ትዘረጋለች። ሁለቱም እኅትማማቾች የሴት ስም ያሳንቀናል ብለው በወንድ በሚመስል ስም ነበር ያሳተሙት። በ1976 ኤለን ሞርስ የተባለች አሜሪካዊት የሥነ ጽሑፍ ሊቅ ይህን የሴቶች ድርሰት ሁሉ በአንድ ላይ መርምራ፣ የሴቶች ጎቲክ የሚል ስም ሰጠችው። እርሷም ከሜሪ መጽሐፍ ውስጥ ከሁሉ አስቀድማ ያየችው የወላድን ፍርሃት ነው። ከዚያ ወዲህ ጉዳዩ በየዩኒቨርሲቲው ይጠናል።

ሲኒማው ግን ሌላ መንገድ ያዘ። በ1931 በተሠራው ፊልም ፍጡሩ መናገር የማይችል፣ ብሎን በአንገቱ ላይ ያለበት ግዙፍ ሆኖ ቀረበ። ዛሬ ብዙ ሰው ፍራንከንስታይን ሲል ፍጡሩን ማለቱ ነው፤ ስሙ ግን የሠሪው ነው። ይህ ስሕተት ቢሆንም ፍርድ አለበት፤ ስም የነፈገውን ልጅ ዓለም በአባቱ ስም ጠራው።

ለእኛ ያለው ቁም ነገር

ሜሪ በዝናም ምሽት ስለ ኤሌክትሪክ በሰማችበት ጊዜ ኤሌክትሪክ የእንቁራሪት እግር ማንቀሳቀሻ ነበር። ዛሬ በቤኒሻንጉል ጉሙዝ ክልል በጉባ፣ መጋቢት 24 ቀን 2003 ዓ.ም. መሠረቱ ተጥሎ ጳጉሜን 4 ቀን 2017 ዓ.ም. የተመረቀው ታላቁ ግድብ ከዓባይ ውሃ ኤሌክትሪክ ያመነጫል። ኀይል ማግኘት መልካም ነው፤ ሜሪ ሼሊም ሳይንስን ጠልታ አልጻፈችም። እርሷ የምትጠይቀው ሥራው ዐይኑን ከገለጠ በኋላ ሠሪው የት ነው ብላ ነው።

ይህ ጥያቄ በተለይ ለወጣቱ የመንግሥት ሠራተኛ ይስማማል። መሥሪያ ቤት ስንገባ ሁላችንም ፈጣሪዎች ነን። ዕቅድ እናወጣለን፤ ትምህርት ቤት እንከፍታለን፤ የውሃ ጉድጓድ እናስቈፍራለን፤ በምረቃው ቀን ሪባን ይቈረጣል፤ ፎቶግራፍ ይነሣል። ከዚያ በኋላ መምህሩ ሳይመጣ ሲቀር፣ የውሃው መሳቢያ ሲሰበር፣ ብዙዎቻችን እንደ ቪክቶር ፍራንከንስታይን ወደ ሌላ ክፍል ሸሽተን በራችንን እንዘጋለን። ቈይቶ የተበላሸውን ነገር ስናይ ደግሞ ሕዝቡን እንወቅሳለን። አሳዳጊ የበደለው ሥራ ግን ስሙ ከሠሪው ስም አይለይም።

ሁለተኛው ቁም ነገር ለተማሪዎቻችን፣ ይልቁንም ለሴት ተማሪዎች ነው። በአገራችንም ብዕር ያነሡ ሴቶች ነበሩ፤ «የልቤ መጽሐፍ»ን የደረሱት ወይዘሮ ስንዱ ገብሩ ከሁሉ በፊት ይታወሳሉ። ነገር ግን ከሴት አያቶቻችን አፍ የሚወጣው የክረምት ምሽት ተረት በብዛት እስከ ዛሬ አልተጻፈም። በአሶሳ፣ በባምባሲ ወይም በጊልገል በለስ ሆና በአያቷ ጕልበት ሥር የጭራቅ ተረት የምትሰማ ልጅ፣ ተረቱን በአፍ መፍቻ ቋንቋዋም ሆነ በአማርኛ ብትጽፈው፣ በዚያ ተረት ውስጥ የተሸሸገውን የእናቶች ፍርሃትና ጥበብ ታወጣዋለች። ስትጽፈውም በሽፋኑ ላይ ስሟን አትርሳ። ሜሪ ሼሊ ያን ለማግኘት አምስት ዓመት ጠብቃለች።